ሚዛን ሠሪም ይመዘናል

ሰው ከፍ አድርጎ የያዘውን እሴት እንዲለውጥ የሚያደርገው ምንድን ነው? አሜሪካዊው የማኅበራዊ ሥነ ልቦና ሊቅ ሚልተን ሮኪች መልሱን የፈለገው፣ ሰው ስለ ራሱ ባለው ግምት ውስጥ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1959 በሚሺጋን ግዛት፣ በኢፕሲላንቲ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል፣ እያንዳንዳቸው «ክርስቶስ እኔ ነኝ» የሚሉ ሦስት ሕሙማንን አንድ ላይ አኖረ። የእምነታቸው መጋጨት ወደ እውነተኛው ማንነታቸው ይመልሳቸዋል ብሎ ነበር፤ ሁለት ዓመት ቢከታተላቸውም ሐሳቡ አልተሳካም።

በ1960ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ በሚሺጋን ስቴት ዩኒቨርሲቲ ሌላ መንገድ ሞከረ። ተማሪዎች 18 እሴቶችን በቅደም ተከተል ከደረደሩ በኋላ፣ ቀደም ሲል የተጠየቁ ጓደኞቻቸው በአማካይ ነፃነትን 1ኛ፣ እኩልነትን 11ኛ እንዳደረጉ አሳያቸው። ይህም ከሌላው ነፃነት ይልቅ ለራስ ነፃነት ማሰብ መሆኑን ገልጾ፣ የገዛ ዝርዝራቸውን እንዲመረምሩ ተዋቸው። ከወራት በኋላ በጥቁሮች መብት ተሟጋች ማኅበር ስም የአባልነት ጥሪ ሲላክላቸው፣ ማነጻጸሪያውን ካላዩት ይልቅ ካዩት ወገን ብዙዎች ምላሽ ሰጡ።

ዳሩ ግን ሮኪች ራሱም ከሚዛኑ አላመለጠም። የሦስቱን ሕሙማን ታሪክ የያዘው የ1964 መጽሐፉ በ1980ዎቹ ዳግመኛ ሲታተም፣ በሳይንስ ስም እንኳ ቢሆን በሕይወታቸው ጣልቃ የመግባት መብት እንዳልነበረው በግልጽ ጻፈ። መለካት ሙያችን ለሆነው ለእኛም ትምህርቱ ይኸው ነው፤ ሠሪው ራሱ ያልተመዘነበት ሚዛን እምነት አይጣልበትም።