በሩን ስለሚጠብቅ ሰው

ሥራ ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ሲሠራ የሚታይ ነው፤ ሁለተኛው ግን የሚታየው የጐደለ ዕለት ብቻ ነው። ቤት የሠራ ሰው ቤቱ ቆሞ ይመሰክርለታል። ሌሊቱን ሙሉ ያን ቤት ሲጠብቅ ያደረ ዘበኛ ግን፥ ሌባ ሳይገባ ቢነጋ ማን ያመሰግነዋል? ሌባ የገባ ዕለት ግን ስሙ በየደጁ ይነሣል። ከእግር ኳስ ተጫዋቾች መካከል የዚህ የሁለተኛው ሥራ ባለቤት በረኛው ነው።

በባቱ ከተማ በደምበል ሐይቅ አካባቢ፥ እንደዚሁም በመቂ፥ በሞጆና በአዳማ ሜዳዎች ልጆች ኳስ ሲጫወቱ የተመለከተ ሰው አንድ ነገር ያስተውላል። ሁለት ድንጋይ ተተክሎ ግብ ከተበጀ በኋላ፥ «በረኛ ማን ይሁን?» የተባለ እንደ ሆነ ሁሉም ወደ ኋላ ይላል። ማግባት የማይወድ የለም፤ መጠበቅን ግን የሚመርጥ ጥቂት ነው። በመጨረሻም በዕድሜ ያነሰው ወይም ዘግይቶ የመጣው ልጅ በግድ ይቆማል። ይህ የልጆች ጨዋታ ቢሆንም፥ በትልልቆቹ ዓለም ያለውን ፍርድ እንደ መስተዋት ያሳያል። ስለዚህ ወጣት አንባቢ ሆይ፥ በረኞች ያለፉበትን ታሪክ ጥቂት እንመርምር፤ ለኑሮአችን የሚጠቅም ትምህርት አናጣበትም።

የአፍሪካ ዋንጫ ውድድር ለመጀመሪያ ጊዜ የተደረገው በ1949 ዓ.ም. በካርቱም ከተማ ነበር። ግብፅ፥ ሱዳን፥ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ እንዲወዳደሩ ታስቦ ሳለ፥ የደቡብ አፍሪካ የእግር ኳስ ሹማምንት ነጭና ጥቁር ባንድነት የሚሰለፍበትን ቡድን አንልክም ስላሉ ከውድድሩ ተሰረዙ። ኢትዮጵያ ከነርሱ ጋር እንድትጋጠም ተመድባ ስለ ነበረ፥ ያለ ጨዋታ ለመጨረሻው ግጥሚያ ደረሰች። የካቲት 9 ቀን ከግብፅ ጋር ተጋጥማ 4 ለ 0 ተሸነፈች፤ አራቱንም ግብ ያገባው አድ ዲባ የተባለ አንድ ግብፃዊ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ፥ በ1951 ዓ.ም. በካይሮ በተደረገው ውድድር፥ እንደ ገና በግብፅ 4 ለ 0፥ በሱዳንም 1 ለ 0 ተረታች። እንግዲህ በሁለት ውድድር በሦስት ጨዋታ 9 ግብ ሲገባባት አንድም ሳታገባ ተመለሰች ማለት ነው።

ሰው እንዲህ ያለውን ሽንፈት አይቶ «ይህ ነገር ለኛ አልተፈጠረም» ቢል ማን ይፈርድበታል? ዳሩ ግን እነ ይድነቃቸው ተሰማ ይህን አላሉም። ሦስተኛው ውድድር በ1954 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ሲደረግ ኢትዮጵያ በመጀመሪያ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸነፈች። ከዚያም ከጥምቀት ሁለት ቀን በኋላ፥ እሑድ ጥር 13 ቀን፥ ያችኑ ሁለት ጊዜ 4 ለ 0 የረታቻትን ግብፅን፥ በዚያን ጊዜ የተባበረች ዐረብ ሪፑብሊክ ትባል የነበረችውን፥ ለዋንጫ ገጠመች።

ስለዚያ ቀን ሲወራ ስማቸው የሚጠራው ያገቡት ናቸው። ግርማ ተክሌ፥ ሉቻኖ ቫሳሎ፥ ወንድሙ ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ግብ አስቆጥረው ኢትዮጵያ 4 ለ 2 አሸነፈች፤ አምበሉ ሉቻኖም ዋንጫውን ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እጅ ተቀበለ። ይህ ክብር ይገባቸዋል፤ ማንም አይነፍጋቸውም። ነገር ግን የጨዋታውን ደቂቃ እየቆጠርን እንመልከት። የግብፁ በደዊ በ35ኛው ደቂቃ አገባ። ግርማ በ74ኛው ደቂቃ አቻ አደረገ። ሕዝቡ ደስታውን ሳይጨርስ፥ በ75ኛው ደቂቃ በደዊ ሁለተኛውን አገባ። ሉቻኖ በ84ኛው ደቂቃ እንደ ገና አስተካከለ። ከዚያ በኋላ በተጨመረው ሰዓት ኢታሎ በ101ኛው፥ መንግሥቱ በ117ኛው ደቂቃ አገቡና ድሉ ተፈጸመ።

አሁን ልብ በል። በረኛው ጊላሚካኤል ነበረ። ግብፆች ሁለተኛውን ካገቡበት ከ75ኛው ደቂቃ ጀምሮ እስከ 120ኛው ደቂቃ ድረስ፥ ባጠቃላይ 45 ደቂቃ፥ ሦስተኛ ግብ አልገባም። ሦስተኛው ገብቶ ቢሆን ኖሮ የሉቻኖ ግብ ምን ይረባ ነበር? የኢታሎና የመንግሥቱስ ግብ ለመቼ ይደርስ ነበር? ወገኑ አቻ ባደረገ በማግሥቱ ደቂቃ ግብ የገባበት በረኛ፥ ልቡ ቢሰበር ኖሮ ታሪካችን ሌላ ይሆን ነበር። እርሱና ከፊቱ የቆሙት ተከላካዮች ግን የገባውን ረስተው የሚመጣውን ጠበቁ። ያገቡት አራት ግብ ሰጡን፤ የጠበቁት ደግሞ ያ አራት ግብ ዋጋ እንዲኖረው አደረጉ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የተባለው ለዚህ ነው፤ አንበሳውን ሲያስር እያንዳንዱ ክር ለብቻው አይታይም።

በረኛ የሚፈተነው በሜዳ ብቻ እንዳልሆነ የሚያስረዳ አንድ ታሪክ ከአየርላንድ እንጨምር። ሃሪ ግሬግ በሰሜን አየርላንድ በቶበርሞር በ1932 እ.ኤ.አ. የተወለደ፥ በወጣትነቱም የአናጢነት ሙያ የተማረ ሰው ነበር። በእንግሊዝ አገር ለዶንካስተር ሮቨርስ ሲጫወት ቆይቶ፥ በታኅሣሥ 1957 እ.ኤ.አ. ማንቸስተር ዩናይትድ ወደ 23,000 ፓውንድ ገደማ ከፍሎ ወሰደው። በዚያን ጊዜ ለበረኛ ይህን ያህል የከፈለ አልነበረም። ሁለት ወር ያህል ብቻ ቆይቶ፥ ፌብሩዋሪ 6 ቀን 1958 ቡድኑ ከቤልግሬድ ሲመለስ፥ ነዳጅ ለመቅዳት በሙኒክ ያረፈው አውሮፕላን በቀለጠ በረዶ መካከል ሦስተኛ ጊዜ ለመነሣት ሲሞክር ተከሰከሰ። ከ44 ተሳፋሪዎች 23ቱ ሞቱ፤ ከነዚህም 8ቱ ተጫዋቾች ነበሩ።

ግሬግ ከስብርባሪው ወጣ። አውሮፕላኑ ሊፈነዳ ይችላልና ሽሹ ሲባል፥ የሕፃን ልቅሶ ሰምቶ ተመልሶ ገባ። ሕፃኗን አወጣ፤ እናቲቱን፥ ያውም ነፍሰ ጡር የነበረችውን፥ አወጣ፤ ጓደኞቹን ቦቢ ቻርልተንንና ዴኒስ ቫዮሌትን ከአደጋው ስፍራ ጐትቶ አራቀ። ከ13 ቀን በኋላም ዩናይትድ ከሼፊልድ ዌንስዴይ ጋር ሲጋጠም በበሩ ላይ ቆመ፤ ቡድኑም 3 ለ 0 አሸነፈ። በዚያው ዓመት በስዊድን በተደረገው የዓለም ዋንጫ የውድድሩ ምርጥ በረኛ ተባለ።

ነገር ግን የግሬግን ኑሮ እስከ መጨረሻው ብንከተል ሌላ ነገር እናገኛለን። በሜይ 1958 በእንግሊዝ ዋንጫ መጨረሻ ግጥሚያ ናት ሎፍትሀውስ ኳሱን ከነያዘው በትከሻው ገፍቶ ከመስመሩ አሳለፈው፤ ግቡም ጸደቀና ዩናይትድ 2 ለ 0 ተሸነፈ። በ1963 ክለቡ ያንኑ ዋንጫ ሲወስድ ግሬግ በሜዳ አልነበረም። እስከ 1966 ድረስ 247 ጊዜ ለክለቡ ተሰልፎ አንድም የአሸናፊነት ሜዳልያ ሳያገኝ ሄደ። ስለ ሙኒክም ጀግና እየተባለ መጠራትን አይወድም ነበር። በ2020 እ.ኤ.አ. ሲሞት ዓለም ያስታወሰው ያላገኘውን ሜዳልያ ሳይሆን ያተረፋቸውን ሰዎች ነው። እንግዲህ ሜዳልያና ዋጋ አንድ አይደሉም።

ወደ አገራችን እንመለስ። ኢትዮጵያ ከ1974 ዓ.ም. በኋላ ለ31 ዓመት ከአፍሪካ ዋንጫ ርቃ ቆየች። በአሠልጣኝ ሰውነት ቢሻው ዘመን በመጨረሻው ማጣሪያ በሱዳን ሜዳ 5 ለ 3 ተሸነፈች፤ ጥቅምት 4 ቀን 2005 ዓ.ም. ግን በአዲስ አበባ 2 ለ 0 አሸንፋ፥ በሰው አገር ባገባችው ብልጫ አለፈች። የዚያን ቀን ሕዝቡ የጨፈረው ስለ ሁለቱ ነበር። ዳሩ ግን ስሌቱን ብናየው ዜሮው ከሁለቱ አያንስም፤ አንድ ግብ ብቻ ቢገባ ኖሮ 2 ለ 1 ማሸነፍ አያሳልፍም ነበር።

በደቡብ አፍሪካ የመጀመሪያው ግጥሚያ የዋንጫው ባለቤት ከነበረችው ከዛምቢያ ጋር ሆነ። ቀኑም ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም. ነበር፤ ይኸውም ከአዲስ አበባው ድል በ51 ዓመቱ ልክ በዚያው ዕለት መሆኑ ነው። በዚያ ጨዋታ የሁለት በረኞች ጥፋት ታየ። የዛምቢያው ኬነዲ ምዊኔ ሳላዲን ሰይድን ጠልፎ ፍጹም ቅጣት ምት ተሰጠበት፤ ነገር ግን ምቱን ራሱ አዳነና ያጠፋውን በገዛ እጁ አረመ። ጥቂት ቆይቶ የኛው ጀማል ጣሰው ወደ ፊት ወጥቶ እግሩን ከፍ አድርጎ ቺሳምባ ሉንጉን መታ፤ ቀይ ካርድም ተሰጠው። እርሱ ያጠፋውን ራሱ ሊያርም አልቻለም፤ ጥፋቱም አደገኛ ስለ ነበረ ፍርዱ ትክክል ነበር። ከተመልካቹ አንዳንዱ ግን ተቈጥቶ ያገኘውን ወደ ሜዳ ወረወረ።

ቍጣ ያረመው ነገር የለም፤ ያረመው ትዕግሥት ነው። ዘሪሁን ታደለ ተቀይሮ ገባ። ዛምቢያ ከዕረፍት በፊት አገባች። አሥር ሰው የቀረው ቡድን ግን በ65ኛው ደቂቃ በአዳነ ግርማ አማካይነት አቻ አድርጎ 1 ለ 1 ወጣ። ያንዱን ጥፋት ዘጠኙ የሜዳ ሰዎችና አዲሱ በረኛ ተካፍለው ተሸከሙት። ከአራት ቀን በኋላ ከቡርኪና ፋሶ ጋር ስንጋጠም ነገሩ ተገለበጠ፤ የነርሱ በረኛ ሱላማ ከክልሉ ውጭ ኳስ በእጁ ነክቶ ወጣ። እነርሱም በአሥር ሰው ሆነው ሦስት ግብ ጨምረው 4 ለ 0 አሸነፉን። ጓደኛን በጥፋቱ ጊዜ መሸከም የኛ ብቻ ሳይሆን የሁሉም ጠንካራ ቡድን ጠባይ መሆኑን ከዚህ እንማራለን።

ሦስተኛው ጨዋታ ጥር 21 ቀን ከናይጄሪያ ጋር ነበር። ሲሳይ ባንጫ እስከ 80ኛው ደቂቃ ድረስ ግብ ሳያስገባ ጠበቀ፤ ከዚያ ቪክቶር ሞሰስ በፍጹም ቅጣት ምት አገባ። በመጨረሻም ሲሳይ ሁለተኛ ቢጫ አይቶ በቀይ ወጣ። የሚቀየር ሰው ስላልቀረ፥ የመሐል ተጫዋቹ አዲስ ሕንጻ የበረኛ ጓንት አጥልቆ ለሁለተኛው ቅጣት ምት ቆመ። ግቡ ገባ፤ 2 ለ 0 ተሸነፍን፤ ናይጄሪያም በኋላ ዋንጫውን ወሰደች። ነገር ግን ሥራው ያልነበረ ሰው፥ እንደሚሸነፍ እያወቀ፥ በሩ ባዶ እንዳይሆን መቆሙ አነስተኛ ነገር ነውን? የሚያሸንፍበትን ስፍራ ሁሉ ሰው ይሻማል፤ የሚሸነፍበትን ስፍራ ግን ግዴታውን የሚያውቅ ብቻ ይቆምበታል።

የወደቀ ዛፍ ምሣር ይበዛበታል ይባላል። ምሣር ከማንሣታችን በፊት ግን ሦስት ነገር እንጠይቅ። ይህ ሰው ከመውደቁ በፊት ስንት ጊዜ አዳነን? ጥፋቱ ከስንፍና ነው ወይስ ለወገኑ ሲል ከመቸኰል? በወደቀበት ጊዜ እኛ ከወዴት ቆመን ነበር? ጥፋትን ጥፋት ማለት ይገባል፤ ቀይ ካርዱን ነጭ ነበር ማለት ውሸት ነው። ነገር ግን ጥፋቱን መንቀፍና ሰውየውን መጣል ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው።

ባቱ ያለ ወጣት ይህን ትምህርት ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልገውም። በሐይቁ ውስጥ በቱሉ ጉዶ ደሴት ጥንታዊ የብራና መጻሕፍት ተጠብቀው ኖረዋል። በክፉ ዘመን ቅርስ ወደ ደሴቱ ተሻግሮ እንደ ዳነ ይተረካል፤ የዘይ ሰዎችም ያን ስፍራ በእርሻና በዓሣ ማጥመድ እየኖሩበት ለትውልድ አስተላልፈውታል። በመጽሐፍ ላይ የጻፈው ሰው ስም ሊገኝ ይችላል፤ ከእሳትና ከውሃ የጠበቁት ሰዎች ስም ግን በየትኛው ገጽ ተጻፈ? መጽሐፉ እስከ ዛሬ መኖሩ ብቻ ይመሰክርላቸዋል።

ስለዚህ ወጣት ሆይ፥ ነገ የምትይዘው ሥራ ምናልባት የሚጨበጨብለት አይሆን ይሆናል። የአትክልት ውሃ መሳቢያውን ሞተር ሌሊት የሚጠብቅ፥ የመድኃኒት ሣጥን ቁልፍ የያዘች፥ የመሥሪያ ቤቱን ገንዘብ የሚቈጥር፥ የታመመ ወላጁን የሚያስታምም፥ እነዚህ ሁሉ በረኞች ናቸው። ቀኑ በደኅና ሲያልፍ የሚያያቸው የለም። አንተ ግን ቀኑ በደኅና ያለፈው በከንቱ እንዳልሆነ ዕወቅ። በበሩ ላይ የቆምክ እንደ ሆነ ያለፈውን ግብ አትቍጠር፤ የሚመጣውን ጠብቅ። በበሩ ላይ የቆመው ጓደኛህ ከሆነም፥ ግብ በገባበት ጊዜ ፊትህን አታዙርበት፤ ኳሱን ከመረቡ አውጥተህ ወደ መሐል ሜዳ ውሰድ፤ የቀረ ሰዓት አለና።