ያልተጠየቀው ሦስተኛው ጥያቄ፤ የሠላሳ ዓመቱ የቤት ብድር ታሪክና እውነተኛ ዋጋው

በዋሽንግተንና በአካባቢዋ በሚኖረው ወገናችን ዘንድ አንድ ሰው «ቤት ገዛሁ» ባለ ጊዜ፣ ከምርቃቱ ቀጥሎ ሁለት ጥያቄዎች ይከተላሉ። አንደኛው «በስንት ገዛኸው?» የሚል ሲሆን ሁለተኛው «በወር ስንት ትከፍላለህ?» የሚል ነው። ሦስተኛው ጥያቄ፣ ማለትም «ዕዳው እስኪያልቅ በጠቅላላ ስንት ትከፍላለህ?» የሚለው ግን፣ ሲነሣ ሰምቼ አላውቅም። ይህ ዝምታ የግለሰቦች ቸልተኝነት ብቻ ነው ብዬ አላምንም። ወርሃዊውን ክፍያ እንድናይና ጠቅላላውን እንዳናይ ያስለመደን የዘጠና ዓመት ታሪክ አለ። የዛሬው ጽሑፌም ስለዚሁ ታሪክ ነው። (ዓ.ም. ካልተባለ በቀር ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ከራሳችን ልጀምር። በአገራችን በቀድሞው ዘመን ወለድ አገድ የሚባል የብድር ዓይነት ነበር። የቸገረው ባለርስት ገንዘብ ይበደርና መሬቱን ለአበዳሪው ያስረክባል። አበዳሪውም ዋናው ገንዘብ እስኪመለስለት ድረስ መሬቱን እያረሰ ምርቱን በወለድ ፈንታ ይወስዳል። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ደንግጎት ነበር፤ በገጠር መሬት ላይ እንዳይሠራበት የተከለከለው በየካቲት 1967 ዓ.ም. በታወጀው የመሬት አዋጅ ነው። ወለድ አገድ ብዙ ቤተሰብ ያደኸየ ሥርዓት ስለነበረ ላወድሰው አልፈልግም። ነገር ግን አንድ ነገር አይደብቅም ነበር። ተበዳሪው በየዓመቱ የሌላ ሰው በሬ በአባቱ መሬት ላይ ሲያርስ በዓይኑ ያያል፤ የሌላ ሰው ጎተራ ሲሞላም ያያል። የብድሩ ዋጋ ከደጃፉ የሚታይ ነበር። በአሜሪካው የቤት ብድር ግን የአበዳሪው በሬ አይታይም። የሚታየው በየወሩ መጨረሻ የሚከፈል፣ መጠኑ የማይለወጥ፣ ከደመወዝ ጋር ተመዝኖ «እችለዋለሁ» የሚባል ቁጥር ብቻ ነው።

እስቲ የማይታየውን በሬ በሒሳብ እንየው። አንድ ሰው 100 ሺህ ዶላር በ6 በመቶ ቋሚ ወለድ ለሠላሳ ዓመት ተበደረ እንበል። በየወሩ የሚከፍለው 600 ዶላር ገደማ ይሆናል። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ 500 ዶላሩ ወለድ ነው፤ ዋናውን ዕዳ የሚቀንሰው 100 ዶላር እንኳ አይሞላም። አሥር ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያጓድል ከፍሎ፣ ወደ 72 ሺህ ዶላር ካወጣ በኋላ የቀረበት ዋና ዕዳ 83 ሺህ 700 ዶላር ያህል ነው። ከወርሃዊ ክፍያው ውስጥ የዋናው ድርሻ ከወለዱ የሚበልጠው በአሥራ ዘጠነኛው ዓመት ሲሆን፣ የዕዳው እኩሌታ የሚያልቀው ደግሞ ሃያ አንድ ዓመት ሲሞላ ነው። በሠላሳኛው ዓመት መጨረሻ የከፈለው ሲደመር 216 ሺህ ዶላር ይጠጋል። ይህ ማጭበርበር አይደለም። ወለድ የሚታሰበው ባልተከፈለው ገንዘብ ላይ ስለሆነ፣ ዕዳው ትልቅ በሆነባቸው የመጀመሪያ ዓመታት አብዛኛውን ክፍያ ወለዱ ይበላዋል። ሒሳቡ ትክክል ነው። ጥያቄው ሠላሳ ዓመት የሚባለው ጊዜ ከየት መጣ የሚለው ነው።

ከ1929ኙ የኢኮኖሚ ውድቀት በፊት አሜሪካዊው ቤት ገዢ እንዲህ ያለ ብድር አያውቅም ነበር። በአብዛኛው የሚያገኘው ከሦስት እስከ አምስት ዓመት የሚቆይ፣ የቤቱን ዋጋ እኩሌታ ያህል ብቻ የሚሸፍን ብድር ነበር። በነዚያ ዓመታት ወለዱን ብቻ እየከፈለ ይቆይና ጊዜው ሲደርስ ዋናውን ባንድ ጊዜ ይመልሳል፤ ካልቻለም ሌላ ብድር ይዋዋላል። ባንኮች ሲወድቁና አዲስ የሚያበድር ሲጠፋ ይህ ሰንሰለት ተበጠሰ። በ1933 በየቀኑ ወደ አንድ ሺህ የሚጠጉ ቤቶች በዕዳ ይወረሱ ነበር።

የፕሬዚዳንት ሩዝቬልት መንግሥት በሰኔ 1933 የቤት ባለቤቶች ብድር ኮርፖሬሽንን አቋቋመ። ይህ ድርጅት በሦስት ዓመት ውስጥ አንድ ሚሊዮን ያህል ቤተሰቦችን ከ3 ቢሊዮን ዶላር በሚበልጥ ገንዘብ ከዕዳ መያዣ አወጣ። አዲሱ ብድር በ5 በመቶ ወለድ፣ በአሥራ አምስት ዓመት፣ ዋናውና ወለዱ በየወሩ አብረው እየተከፈሉ የሚያልቅ ነበር። ይህ ታላቅ ሥራ ነው፤ ሊካድ አይገባውም። በዓመቱ፣ በሰኔ 1934፣ የፌዴራል ቤቶች አስተዳደር ተቋቋመና የግል ባንኮች ለሚሰጡት ብድር ዋስ መሆን ጀመረ። መጀመሪያ የተፈቀደው እስከ ሃያ ዓመት ነበር። በ1938 ለአንዳንድ ቤቶች ወደ ሃያ አምስት ከፍ አለ፤ ብድሮቹን ከባንኮች የሚገዛው ፋኒ ሜይም በዚያው ዓመት ተመሠረተ። በ1948 ሠላሳ ዓመት ለአዲስ ቤቶች ተፈቀደ፤ በ1954 ለነባሮቹም ሆነ።

እዚህ ላይ አንባቢዬ ቆም ብሎ እንዲያስብ እለምናለሁ። ቤት ውድ ሲሆን መንግሥት ሊያደርግ ከሚችለው ሁሉ ቀላሉ ጊዜውን ማስረዘም ነው። ግብር አይጨምርም፤ የቤት ሻጩንም የባንኩንም ጥቅም አይነካም፤ ወርሃዊው ክፍያም ያንሳል። ነገር ግን የሩዝቬልትን 5 በመቶ ሳንነካ 100 ሺህ ዶላርን ከአሥራ አምስት ዓመት ወደ ሠላሳ ብንወስደው፣ ወርሃዊው ክፍያ ከ791 ወደ 537 ዶላር ሲወርድ፣ ጠቅላላው ወለድ ከ42 ሺህ ወደ 93 ሺህ ዶላር ይወጣል። ለተበዳሪው የተሰጠው እፎይታ እውነት ነው፤ የከፈለው ግን ራሱ ተበዳሪው ነው።

ይህም ዕድል ቢሆን ለሁሉም አልነበረም። ኮርፖሬሽኑ የከተሞችን ሠፈሮች ደረጃ እየሰጠ በካርታ ላይ ቀለም ሲቀባ፣ ጥቁሮች የሚኖሩባቸው ሠፈሮች በአብዛኛው ቀይ ተቀቡ። የቤቶች አስተዳደሩም በራሱ መመሪያ ለእነዚህ ሠፈሮች ዋስትና ነፈገ። ባንክ የተዘጋባቸው የቺካጎ ጥቁር ቤተሰቦች በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ ቤት የሚገዙት ከግል ነጋዴ በውል ነበር። ዋጋው የተጋነነ ነው፤ የመጨረሻው ክፍያ እስኪያልቅ ድረስ የባለቤትነት ስሙ አይተላለፍም፤ አንድ ወር ቢጓደል ደግሞ የዓመታት ክፍያ ከነቤቱ ይቀራል። ስለዚህ የብድር ዋጋ ሲነሣ ብድር የተነፈገውም ሰው የከፈለውን መቁጠር ያስፈልጋል። ዛሬ በአሜሪካ በነጩና በጥቁሩ ቤተሰብ ሀብት መካከል ያለው ልዩነት አንዱ ሥሩ እዚያ ነው። እኛም ዘግይተን የደረስን ስደተኞች በነዚያው ከተሞች ቤት ስንፈልግ የምንረግጠው ያንኑ ካርታ ነው።

በ1968 ፕሬዚዳንት ጆንሰን ሁለት ሕጎችን በሁለት ተከታታይ ወራት ፈረሙ። በሚያዝያ፣ ማርቲን ሉተር ኪንግ በተገደሉ በሳምንቱ፣ በቤት ሽያጭና ብድር ላይ የዘር መድልዎን የሚከለክለው ሕግ ወጣ። በግንቦት ደግሞ አበዳሪዎች የብድሩን እውነተኛ ዋጋ በጽሑፍ እንዲገልጹ የሚያስገድደው ሕግ ተከተለ። አንደኛው ማን መበደር እንደሚችል ደነገገ፤ ሁለተኛው ተበዳሪው ምን እንደሚከፍል እንዲያውቅ ደነገገ። ሁለቱም በወረቀት ላይ ፍትሐዊ ነበሩ። ሆኖም ማወቅና መረዳት የተለያዩ ነገሮች ናቸው።

ለእውነት ስንል የሠላሳ ዓመቱን ብድር ሌላ ገጽታም እንናገር። ወለዱ ቋሚ ከሆነ የዋጋ ንረት ለተበዳሪው ይሠራለታል። በ1960ዎቹ የተበደረ ሰው በ1970ዎቹ ደመወዙ ከኑሮ ውድነቱ ጋር ሲያድግ ወርሃዊ ክፍያው ባለበት ቆመ። ታዲያ ዋጋውን ማን ከፈለው? ያበደሩት የቁጠባና የብድር ማኅበራት ናቸው። ለሠላሳ ዓመት በርካሽ አበድረው ለአስቀማጮች የሚከፍሉት ወለድ እየናረ ሄደ። የቤት ብድር ወለድ በጥቅምት 1981 በአማካይ ከ18 በመቶ በላይ ደረሰ። ማኅበራቱ በብዛት ሲወድቁ ደግሞ ለግብር ከፋዩ 124 ቢሊዮን ዶላር ያህል ዕዳ ጥለው ሄዱ። ዕዳ ከሜዳ ማለት ይህ ነው። ቤት ያልገዛው ተከራይም በግብሩ ከፈለ።

ከዚህ በኋላ አበዳሪዎች የወለድ ለውጥን አደጋ ወደ ተበዳሪው ለመመለስ ተለዋዋጭ ወለድ ያላቸውን ብድሮች አስፋፉ። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ ለሁለት ዓመት ዝቅ ብሎ በሦስተኛው ዓመት የሚንር ወለድ ያላቸው ውሎች ገቢያቸው ለማያስተማምን ሰዎች ሳይቀር በገፍ ተሰጡ። የአሜሪካ ማዕከላዊ ባንክ መነሻ ወለዱን በ2004 ከነበረበት 1 በመቶ በሁለት ዓመት ውስጥ ወደ 5.25 በመቶ ሲያደርሰው፣ «በወር ስንት?» ብሎ ብቻ የፈረመ ሰው መልሱ ተለወጠበት። በመስከረም 2008 ፋኒ ሜይና ፍሬዲ ማክ በመንግሥት ሞግዚትነት ሥር ሲገቡና ሌማን ብራዘርስ ሲከስር፣ ቤታቸውን ካጡት መካከል ሁለት ሥራ እየሠሩ የገዙ የእኛ ሰዎችም ነበሩ።

በ2010 የወጣው የገንዘብ ተቋማት ማሻሻያ ሕግ የሸማቾችን መብት የሚጠብቅ መሥሪያ ቤት አቋቋመ። ከጥቅምት 2015 ጀምሮም እያንዳንዱ ተበዳሪ፣ ወለዱ ከብድሩ ጋር ሲነጻጸር ስንት በመቶ እንደሚሆን ተጽፎ ይሰጠዋል። በምሳሌያችን ቁጥሩ 116 በመቶ ገደማ ይሆናል፤ ማለትም ወለዱ ብቻውን ከተበደሩት ገንዘብ ይበልጣል። ሕጉ ይህን እውነት አስገድዶ አጽፏል። የተጻፈው ግን ባለ አምስት ገጽ በሆነው የመዝጊያ ሰነድ አምስተኛ ገጽ ላይ ነው። ወርሃዊው ክፍያ በመጀመሪያው ገጽ ላይ ይገኛል።

ጊዜው ምን ያህል ጨካኝ እንደሆነ የቅርቡ ታሪክ ያሳየናል። በጥር 2021 አማካዩ የሠላሳ ዓመት ወለድ 2.65 በመቶ ነበር፤ በጥቅምት 2023 ደግሞ 7.79 በመቶ ደረሰ። በመጀመሪያው ጊዜ 100 ሺህ ዶላር የተበደረ ሰው በጠቅላላ 145 ሺህ ይከፍላል፤ በሁለተኛው የተበደረው 259 ሺህ። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ብቻ ከብድሩ ይበልጣል። የሁለቱ ሰዎች ጥፋትም ሆነ ብልሃት ያልሆነ፣ የሦስት ዓመት እንኳ ያልሞላ የጊዜ ልዩነት ነው።

«እንግዲያስ ቤት አንግዛ?» የሚለኝ አይጠፋም። እንዲህ አላልኩም፤ ኪራይም ተመልሶ አይመጣም። የምለው ሦስተኛውን ጥያቄ እንጠይቅ ነው። በምሳሌያችን በየወሩ 100 ዶላር የሚጨምር ሰው ዕዳውን በሃያ አንድ ዓመት ይጨርሳል፤ ወደ 40 ሺህ ዶላር ወለድም ይተርፈዋል። በተቃራኒው ሰባት ዓመት ከፍሎ «ወርሃዊው ይቀንስልኛል» በማለት ብቻ ዕዳውን በአዲስ የሠላሳ ዓመት ብድር የሚተካ ሰው ሠላሳ ሰባት ዓመት እንደሚከፍል ልብ ይበል። «ወለዱ ከግብር ይቀነሳል» የሚሉትም ቢሆን፣ ለወለድ ከወጣው እያንዳንዱ ዶላር የሚመለሰው ጥቂት ሳንቲም ብቻ ነው፤ መደበኛውን ተቀናሽ ለሚወስደው አብዛኛው ሰው ደግሞ ምንም አይመለስም።

ጉዳዩ የአሜሪካ ብቻ አይደለም። በአዲስ አበባ የኮንዶሚኒየም መርሐ ግብሮች 10/90፣ 20/80 እና 40/60 በሚሉ ስሞች ታውቀዋል። ስሞቹ ከቤቱ ዋጋ ምን ያህሉ ቅድመ ክፍያ፣ ምን ያህሉ ብድር እንደሆነ ይነግሩናል። ስንት ዓመት እንደሚከፈልና ወለዱ በድምሩ ስንት እንደሚሆን ግን አይነግሩንም። ቤት ጠባቂው ዜጋም እንደ ዋሽንግተኑ ወገኑ ሁለቱን ጥያቄዎች ጠይቆ ሦስተኛውን ይተወዋል።

ከዚህ ታሪክ የምንማረው፣ የብድር ዋጋ ባይታይም የሚከፍለው ሰው እንደማይጠፋ ነው። አንድ ጊዜ ተበዳሪው፣ አንድ ጊዜ ግብር ከፋዩ፣ አንድ ጊዜም በሩ የተዘጋበት ጎረቤት ከፍሎታል። የቀድሞው ባለርስት የአበዳሪውን በሬ እያየ ያዝን ነበር። እኛ የማናየው በሬ ስለሚያርስብን አናዝንም፤ ስለማናዝንም አንጠይቅም። መጠየቅ ግን የዜግነት መጀመሪያ ነው። በሚቀጥለው ጊዜ ወዳጃችን «ቤት ገዛሁ» ሲለን፣ ከምርቃቱ በኋላ ቢያንስ አምስተኛውን ገጽ አንብቦት እንደሆነ እንጠይቀው።

ቸር ይግጠመን።