ክራሩ የሸፈነው መድረክ

ስምንተኛ ክፍል ሳለሁ ደብረ ታቦር ውስጥ በምማርበት ትምህርት ቤት የድራማ ክበብ ተመዘገብኩ። የደረሰኝ የጎረቤት ሴት ሚና ነበር። ሁለት መስመር ንግግርና አንድ እንስራ መሸከም፣ በቃ። እኔ ግን ሆሊውድ የገባሁ ያህል ተደስቼ እየሮጥኩ ቤት ገባሁ።

«እምዬ፣ ቴአትር ልሠራ ነው!» አልኳቸው ለአያቴ።

«ምን ልትሠሪ?»

«ቴአትር። መድረክ ላይ ወጥቼ ልናገር።»

አያቴ የሚፈትሉትን ጥጥ አስቀመጡ። «አዝማሪ ልሆን ነው በይኛ! የማን ቤት ልጅ መሰልሽ አንቺ?»

በማግስቱ ከክበቡ ወጣሁ። እንስራውን ሌላ ልጅ ተሸከመችው። (ጣለችው ደግሞ፤ ተሰበረ። ሳልስቅ አልቀረሁም።) በኋላ ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ጋዜጠኝነት ተማርኩ። ጋዜጠኛም ቢሆን በሰው ፊት ይናገራል፤ አያቴ ግን «ዜና አንባቢ» ሲባሉ ምንም አላሉም። ዜና አንባቢ አዝማሪ አይደለችማ!

እንግዲህ ወዳጆቼ፣ ዛሬ ላወራላችሁ የፈለግሁት ይህን ቃል ግንባሯ ላይ ለጥፋ መድረክ ስለወጣች ሴት ነው። ስሟ አስናቀች ወርቁ ነው። «አወቅናት፣ ክራር ተጫዋቿ!» አላችሁ አይደል? ቆዩማ። ችግሩም እዚያው ላይ ነው።

መጀመሪያ ስለ ደጋው ትንሽ ላውራ። የእኛ አገር ሰው፣ ከጉና ተራራ ግርጌ እስከ ጋይንት ድረስ፣ መድረክ አያውቅም የሚል ካለ ተሳስቷል። መድረኩ በቀን መቁጠሪያና በጾታ የተከፋፈለ ነው እንጂ ሞልቷል። ነሐሴ 13 ቡሄ ነው፤ የከተማችንን ስም የያዘው የደብረ ታቦር በዓል። ጅራፍ የሚያጮኸው ወንድ፣ በየደጁ ሆያ ሆዬ የሚለው ወንድ፣ ሙልሙሉን የሚበላውም ወንድ ነው። እኛ ሴቶቹ እንቁጣጣሽ እስክትደርስ ተራችንን እንጠብቃለን። ለቅሶ ላይ ደግሞ ነገሩ ይገለበጣል። ሙሾ የምታወርደው ሴት ናት። ግጥሙን እዚያው ትፈጥረዋለች፣ ዜማውን ትሰጠዋለች፣ ድምፅዋን ከፍና ዝቅ እያደረገች መቶ ሰው ታስለቅሳለች። ይህ ትወና ካልሆነ ምን ይሆናል? ግን ማንም አዝማሪ አይላትም። ያቺው ሴት ያንኑ ችሎታ ይዛ ጠላ ቤት ብትገባና ሰው ሳንቲም ግንባሯ ላይ ቢለጥፍላት ግን፣ አለቀላት።

መሣሪያውም ቢሆን ደረጃ አለው። በገና የዳዊት ነው፣ የመኳንንትና የጾም ወቅት ነው። ጣይቱ ብጡል ራሷ፣ ደብረ ታቦር የኔ ናት የምትላት እቴጌ፣ በገና ትደረድር እንደነበር ይነገራል። ክራር ግን ሰይጣን በገናን አይቶ የሠራው ነው ይላሉ ሽማግሌዎች። እንዲህ ባለ አገር ክራር ይዛ መድረክ የምትወጣ ሴት ሁለት ጊዜ ተኮነነች ማለት ነው፤ በክራሩም በመድረኩም።

ቴአትር በዘመናዊ መልኩ ወደ አገራችን የመጣው በ1913 ዓ.ም. ገደማ ነው። ራሺያ የተማሩት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የአውሬዎች ተረት ይዘው መጡና የቤተ መንግሥቱን ብልሹ አሠራር በእንስሳት አፍ ተናገሩት። መኳንንቱ ገባቸው። ንግሥት ዘውዲቱም ቴአትር የሚባል ነገር እንዲቀር አደረጉ። እዚህ ላይ አንድ ነገር ጣል ላድርግ። የንግሥቲቱ ባል የነበሩት ራስ ጉግሣ ወሌ በዚያ ዘመን በጌምድርን የሚገዙት ደብረ ታቦር ተቀምጠው ነበር። ስለዚህ ቴአትርን የከለከሉት ሴት የእኛው አገረ ገዥ የቀድሞ ሚስት ነበሩ ማለት ነው። ጉግሣ መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. አንቺም ላይ ተዋግተው ሞቱ፤ ዘውዲቱም በሁለተኛው ቀን አረፉ። ቴአትሩ እንደገና የተነሣው ከዚያ በኋላ፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ነው።

ተነሣ ስል ግን ሴት አልነበረችበትም። በየትምህርት ቤቱም ሆነ በ1927 ዓ.ም. በተመሠረተው ሀገር ፍቅር፣ እናትም ሚስትም ሙሽራም የሚሆነው ወንድ ነበር። ቀሚስ ለብሶ፣ ሻሽ አስሮ፣ ድምፁን አቅጥኖ። ሴት ጠፍታ አይደለም፤ ልጁን የሚሰጥ ቤተሰብ ጠፍቶ ነው። ሼክስፒር አገርም እኮ እስከ 1660 እ.ኤ.አ. ድረስ ዴዝዴሞናን የሚጫወተው ጎረምሳ ነበር፤ ስለዚህ ብዙ አንፈር።

አስናቀች ተወለደች የሚባለውም እዚያው 1927 ዓ.ም. አካባቢ ነው፤ የሀገር ፍቅር እኩያ ናት። አዲስ አበባ፣ ስድስት ኪሎ። እናቷን በልጅነቷ አጣች። ክራርን ማንም አላስተማራትም፤ እየነካካች ራሷ ለመደችው። አንዳንዴ ሳስበው፣ «የማን ቤት ልጅ መሰልሽ» የሚላት ሰው ቢኖር ኖሮ አስናቀች የምትባል ተዋናይ አትኖርም ነበር። እንዲህ ማለት ያሳፍራል፣ ወላጅ ማጣት እድል አይባልም። ግን የዘመኑን የመጀመሪያ ተዋንያት ታሪክ ስታነቡ ይህ ነገር ፊት ለፊት ይመጣባችኋል፤ ወደ መድረክ የሚያስገባው በር ለሴት የሚከፈተው ብዙ ጊዜ ሌላው በር ሁሉ ከተዘጋ በኋላ ነው።

በ1940ዎቹ አጋማሽ «የፍቅር ጮራ» በሚባል ቴአትር ላይ ተጫወተች። ከመጀመሪያዎቹ የአገራችን ተዋንያት አንዷ ሆነች ማለት ነው። (የመጀመሪያዋ ማን ናት በሚለው ላይ ሰላማዊት ገብረ ሥላሴን የሚያስቀድሙም አሉ። ክርክሩን ለእነሱ ልተወው።) አስቡት እንግዲህ፤ ተመልካቹ እስከዚያ ቀን ድረስ ሴት ሆኖ ያየው ሁሉ ወንድ ነው። ድንገት እውነተኛ ሴት በእውነተኛ ድምፅዋ ስትናገር ያ አዳራሽ ምን ተሰማው? የወንዱ ቀሚስ ቢያስቅም ለማንም አያሰጋም። የሷ ግን ያሰጋል።

በ1948 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ የነገሡበት 25ኛ ዓመት ሲከበር የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ የዛሬው ብሔራዊ፣ በቢትወደድ መኮንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦርዮን» ተከፈተ። ሕንፃው ጣሊያኖች ለሲኒማ ብለው የጀመሩት ነበር። አስናቀችም ለአስርት ዓመታት የኖረችበት ቤት ይኸው ነው። ደመወዝ ያለው ሥራ፣ የልምምድ ሰዓት ያለው ሥራ። ይህን ማለቴ ለምን መሰላችሁ? አዝማሪን አዝማሪ ያሰኘው በከፊል አከፋፈሉ ነው፤ ግንባር ላይ የሚለጠፍ ሳንቲም። ወር ጠብቆ የሚፈረምበት ደመወዝ ሲመጣ፣ ሰው በመድረክ ኖሮ «የመንግሥት ሠራተኛ ነኝ» ማለት ቻለ። ስድቡ ግን በደመወዝ አልቆመም። የመድረክ ሴቶች ስድብ ከቤተሰባቸውም ከመንገደኛም እየሰሙ ነው የኖሩት።

አስናቀች ሲነሣ ብዙ ጊዜ የማስታውሳት አንዲት አሜሪካዊት አለች፤ ኤቴል ዋተርስ። በ1896 እ.ኤ.አ. የተወለደች፣ በድህነት ያደገች፣ ፊላደልፊያ ውስጥ ሆቴል ስታጸዳ የነበረች ጥቁር ሴት ናት። በየመንደሩ የሙዚቃ ትርዒት እየዘፈነች ጀመረች፣ ብሮድዌይ ገባች። በ1939 ኤንቢሲ ቴሌቪዥንን ገና ሲሞክር የራሷን ትርዒት አቀረበች። በ1949 «ፒንኪ» በተባለው ፊልም ለኦስካር ታጨች። አስናቀች መድረክ በወጣችበት ሰሞን፣ በ1952፣ ኤቴል ብሮድዌይ ላይ የተጫወተችውን ሚና መልሳ በፊልም ተጫወተችው፤ ፊልሙም «ዘ መምበር ኦቭ ዘ ዌዲንግ» ይባላል። በ1962 ደግሞ በቴሌቪዥን ድራማ ለኤሚ ታጨች። መድረክ፣ ፊልም፣ ቴሌቪዥን፤ ሦስቱንም።

ሁለቱም ከመዝሙርና ከዘፈን ተነሥተው ተዋናይ የሆኑ ናቸው፣ ሁለቱንም ማኅበረሰቡ በጎን ዓይን አይቷቸዋል። ልዩነታቸው የሚገርም ነው፣ ግን ችሎታ ላይ አይደለም። እኔ ዛሬ ደብረ ታቦር፣ መብራት ካልሄደ፣ ስልኬን ከፍቼ ኤቴል ዋተርስ ስትተውን ማየት እችላለሁ። የፊቷን ጡንቻ፣ ዝም ስትል ዓይኗ የሚያደርገውን። አስናቀች በ«የፍቅር ጮራ» ምን እንዳደረገች ግን የእኔ ትውልድ አይቶት አያውቅም። ቴሌቪዥን አገራችን የገባው በ1957 ዓ.ም. ነው፤ እሷ እስከዚያ መድረክ ላይ ከአሥር ዓመት በላይ ቆይታለች። ቴአትር መጋረጃው ሲወርድ ያልቃል፤ ያየ አየ፣ ያላየ ተረት ሰማ።

የተቀዳው ክራሩ ነው። ሸክላውም ካሴቱም ያስቀረው ድምፅዋን ነው። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ በሚያዘጋጀው «ኢትዮፒክስ» ተከታታይ 16ኛው ሲዲ በ2003 እ.ኤ.አ. የሷ ሆኖ ሲወጣ ርዕሱ «ባለክራሯ ወይዘሮ» እንደማለት ነበር። ውብ ሲዲ ነው፣ እኔም በሱ ነው ያወቅኋት፣ ፈረንጁን አልወቅስም። ግን ልብ በሉ፤ መጀመሪያ በስም የታወቀችው በተዋናይነት ነበር። ዓለም ያወቃት ግን በባለክራርነት ነው። አያቴ «አዝማሪ» ብለው የጀመሩትን መዝገቡም አዝማሪ ብሎ ጨረሰው! ትወናዋ ከተመልካቾቿ ጋር እያረጀ ሄደ፣ ክራሩ ቀረ።

የመጨረሻ ዓመታቷን በሕመም ነው ያሳለፈችው፤ መስከረም 3 ቀን 2004 ዓ.ም. አረፈች። ራሔል ሳሙኤል የሠራችው «አስኒ» የተባለው ዘጋቢ ፊልም በ2013 እ.ኤ.አ. ወጣ። ያንን ፊልም ያላያችሁ እዩት። ለኔ ትልቁ ነገሩ፣ የመድረኳን ሕይወት ከሚያስታውሷት ሰዎች አፍ መሰብሰቡ ነው። ካሜራ ቀድሞ ቢደርስ ኖሮ ግን ማስታወስ ባላስፈለገ።

ከሷ በኋላ የመጡት ሌላ መንገድ አገኙ። በደርግ ጊዜ በየቀበሌው ኪነት ሲቋቋም፣ የእኛ አካባቢ ሴት ልጆችም ወላጅ ሳይጠየቅ መድረክ ላይ ወጡ። ያ የራሱ ጉድ አለው፤ «አዝማሪ» መባልን በትእዛዝ ያስቀረ ዘመን ነበር፣ ሌላም ብዙ ነገር በትእዛዝ የተደረገበት። ዓለምፀሐይ ወዳጆ ተዋናይም ገጣሚም አዘጋጅም ሆና ወጣች፤ ከአገር ከተሰደደች በኋላም በ2000 እ.ኤ.አ. ዋሽንግተን ላይ የባህል ማዕከል ስታቋቁም ስሙን «ጣይቱ» አለችው። የበገናዋ እቴጌና የተዋናይዋ ስም አንድ በር ላይ ተገናኙ። ደብረ ታቦር ውስጥ ይህን ስነግራቸው ሰዎች ደስ ይላቸዋል፤ «ጣይቱማ የእኛ ናት» ይላሉ፤ ዓለምፀሐይን ግን አንዳንዱ «ማናት?» ይለኛል።

ሜሮን ጌትነትን የእኔ እድሜ ሰው ሁሉ ያውቃታል፤ ከ«ዳና» ድራማ። በ«ድፍረት» ፊልም ጠበቃ መዓዛ አሸናፊን ሆና ስትጫወት፣ ከፊልሙ ጀርባ በአስፈጻሚ ፕሮዲውሰርነት የቆመችው አንጀሊና ጆሊ ነበረች። ፊልሙ በ2014 እ.ኤ.አ. ሰንዳንስ ላይ የተመልካቾችን ሽልማት ወሰደ። የሜሮን ፊት ተቀድቷል፣ የትም አይሄድም። አስናቀች ሳለች እንዲህ ያለ አንድ ሰዓት ቢኖራት ብዬ መመኘቴን አልደብቅም።

ባለፈው ዓመት ለፋሲካ ደብረ ታቦር ሄድኩ። ብርዱ አጥንት ይሰብራል፤ አያቴ ጋቢ ደርበው ምድጃ ዳር ተቀምጠዋል፣ ድንች እየተቀቀለ ነው። ስልኬን አውጥቼ የአስናቀችን ክራር ከፈትኩ። ማን እንደሆነች አልነገርኳቸውም። ትንሽ ሰሙ። እጃቸው ጉልበታቸው ላይ መታ መታ ማድረግ ጀመረ።

«ማናት ይቺ?»

«አስናቀች ወርቁ ትባላለች፣ እምዬ። ተዋናይ ነበረች።»

«አዝማሪ ናት እንጂ» አሉ።

«አይ፣ ቴአትር ትሠራ ነበር። መድረክ ላይ።»

ዝም አሉ። እሳቱን ቆሰቆሱት። ዘፈኑ አለቀ።

«የማን ልጅ ናት?»

«እናቷ በልጅነቷ ነው የሞቱት።»

«እኔን! ሙሾም ታውቅበታለች መሰለኝ፤ ድምፅዋ ውስጥ አለ» አሉ አያቴ። ከዚያ ስልኩን በአገጫቸው አመለከቱኝ። «እስቲ መልሰሽ አድርጊው፣ ያችን መጀመሪያዋን።»