ቢሊዮን ከአቃቂ ሲታይ

በቀደም ከሳሪስ ወደ አቃቂ በሚሄድ ታክሲ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠ ወጣት መጽሐፍ ያነባል። ሰረቅ አድርጌ ርዕሱን አየሁት። ቢሊየነር መሆን እንዴት እንደሚቻል የሚያስተምር ነው። ቃሊቲ ስንደርስ መንገዱ ተዘጋጋና በከባድ መኪናዎች መካከል ተወሽቀን ቆምን። ጊዜ አገኘሁ ብዬ ጠየቅሁት።

«ወንድሜ፣ ለመሆኑ ቢሊየነር ማለት ምን ማለት ነው?»

ቀና ብሎ አየኝ። «ገንዘብ የማያልቅበት ሰው ነዋ!»

መልሱ ክፉ አይደለም፤ ግን አላረካኝም። አቃቂ ተወልዶ ላደገ ሰው ይህ የሰፈሩ ታሪክ ጥያቄ ነው።

መጀመሪያ ቁጥሩን እንየው። አባቶቻችን ለትልቅ ቁጥር የነበራቸው ቃል «እልፍ» ነው፤ 10,000 ማለት ነው፣ በግእዝ አኃዝ ፼ ተብሎ ይጻፋል። በጣም ሲበዛባቸው «እልፍ አእላፋት» ብለው ያልፉታል። ሚሊዮንና ቢሊዮን ከባሕር ማዶ የመጡ ቃላት ናቸው። የጥንቱ ባለጸጋ በሚታይ ነገር ይለካ ነበር፦ በከብቱ፣ በመሬቱ፣ ደጁን በሚጠናው ሰው፣ ግብር ሲያበላ በሚታረደው ሰንጋ። ሀብቱን ጎረቤት ያየዋል፤ ዕድል ከቀናውም ይበላለታል።

ቢሊዮንን ግን ማን አይቶት ያውቃል? ሳትበሉ ሳትተኙ በየሰከንዱ አንድ እያላችሁ ብትቆጥሩ ሚሊዮን ላይ ለመድረስ 12 ቀን ግድም ይበቃችኋል። ቢሊዮን ላይ ለመድረስ ግን ከ31 ዓመት በላይ ትቆጥራላችሁ። ጎልማሳ ሆኖ የጀመረ ሸምግሎ ይጨርሳል ማለት ነው። በባለ 200 ብር ኖት እንክፈለው ብንል ደግሞ 5 ሚሊዮን ኖት ይሆናል። አንዱ ኖት አንድ ግራም ይመዝናል ብለን ብናስብ 50 ኩንታል መጣ፤ አንድ አይሱዙ ሙሉ ብር! ቢሊየነር እንግዲህ ገንዘቡን ራሱ የማይቆጥር፣ ሌላ ሰው የሚቆጥርለት ሰው ነው።

ወደ ሰፈሬ ልመለስ። ከጅቡቲ የተነሣው የባቡር ሐዲድ አቃቂን አልፎ አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ነው። አቃቂም ሐዲዱን ተከትሎ የመጣ የፋብሪካ ሠፈር ሆነች። በ1950ዎቹ መጀመሪያ ላይ እዚህ የተተከለው የኢንዶ-ኢትዮጵያ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ የሕንዱ የቢርላ ቤተሰብ የንግድ ቡድን ያቋቋመው ነበር። የሕንድ ከበርቴዎች ከአገራቸው ውጭ ከከፈቷቸው የመጀመሪያዎቹ ትልልቅ ፋብሪካዎች አንዱ ነው ይባልለታል። የቤተሰቡ ታላቅ ሰው ጂ. ዲ. ቢርላ የማሕተመ ጋንዲ ወዳጅ ነበሩ፤ የትግሉንም ወጪ በገንዘባቸው ይደግፉ ነበር። ጋንዲ ጥር 21 ቀን 1940 ዓ.ም. በጥይት የተመቱት ዴልሂ በሚገኘው የቢርላ ቤት ግቢ ውስጥ ነው። እንዲህ ያለ ቤት ነው አቃቂ ላይ ጥጥ ያስፈተለው።

ሰማንያ ሊሞላቸው የተቃረቡ አንድ ጎረቤት አሉኝ። በ1950ዎቹ መጨረሻ ገና በጉርምስናቸው እዚያ ፋብሪካ ገብተው ጡረታ እስኪወጡ በሽመና ክፍል ሠርተዋል።

«ጋሼ፣ የፋብሪካውን ባለቤት አይተዋቸው ያውቃሉ?» አልኳቸው አንድ ቀን።

«ባለቤቱን? ኧረ እኔ የማውቀው ማሽኔን ነው።»

ከዚያ 1967 ዓ.ም. መጣ። ጥር 26 ቀን ደርግ 72 ድርጅቶችን ሙሉ በሙሉ መውረሱን፣ በሌሎች 29 ድርጅቶች ላይም አብላጫውን ድርሻ መያዙን አወጀ። የአቃቂውም ፋብሪካ በዚያ ማዕበል ከሕንዶቹ እጅ ወጥቶ የመንግሥት ሆነ። «ፋብሪካው የሰፊው ሕዝብ ነው ተባልን» ይላሉ ጎረቤቴ። «እኔም ሰፊው ሕዝብ ነኝ ብዬ ደስ አለኝ። በማግስቱ ግን ያው ማሽን ላይ፣ በያው ፈረቃ ነበርኩ።»

ልብ በሉ፤ እዚህ ላይ ነው ለወጣቱ የምሰጠውን መልስ ያገኘሁት። የቢርላ ቤተሰብ አቃቂን አጣ። አጥቶ ግን ምን ሆነ? ምንም! ዛሬም ከሕንድ ታላላቅ ከበርቴዎች ተርታ ነው። ለጎረቤቴ ግን ያ ፋብሪካ ኪራዩ ነው፣ የልጆቹ ደብተር ነው፣ ጡረታው ነው። እንግዲህ ቢሊየነር ማለት አንድ ሙሉ ፋብሪካ ተወስዶበትም እራቱ የማይጎድልበት ሰው ነው። ለአንዱ ከመዝገቡ የተሰረዘ አንድ መስመር፣ ለሌላው ሕይወት።

«ታዲያ ሀብታም ባይኖር አይሻልም?» የሚል አይጠፋም። እሱንም ሞክረነዋል። በ1968 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 76 የግል ነጋዴ የሚይዘውን ካፒታል ወሰነ፦ ለችርቻሮ 200,000 ብር፣ ለጅምላ 300,000 ብር፣ ለኢንዱስትሪ 500,000 ብር። ከዚያ በላይ በሕግ የተከለከለ ነው። በዚያ ሒሳብ አንድ ቢሊዮን ብር የ2,000 ባለፋብሪካዎች ጣሪያ ድምር ነበር ማለት ነው። እስከ ቅይጥ ኢኮኖሚው አዋጅ፣ እስከ 1982 ዓ.ም. ድረስ እንዲሁ ኖርን። ጣሪያው ዝቅ ስላለ ግን ወለሉ ከፍ አላለም። የጎረቤቴ ቤት ያቺው ሁለት ክፍል ነበረች፤ ዛሬም ያቺው ናት።

ዛሬ ደግሞ ቡና ቤት ስትገቡ «እገሌ እኮ ቢሊየነር ነው» ሲባል ትሰማላችሁ። የምን ቢሊየነር? የብር ወይስ የዶላር? ደርግ ሲወድቅ ዶላር በ2 ብር ከ7 ሳንቲም ነበር፤ አንድ ቢሊዮን ብር ያኔ ወደ 483 ሚሊዮን ዶላር ይመነዘራል። በ1985 ዓ.ም. ዶላር 5 ብር ሲገባ 200 ሚሊዮን ሆነ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ምንዛሪው ለገበያ ከተለቀቀ በኋላ ዶላር ከ100 ብር አልፏልና ዛሬ 10 ሚሊዮን ዶላር እንኳ አይሞላም። ቃሉ ያው ነው፤ ውስጡ ግን እንደ ዱቄት ከረጢት እየጎደለ ነው። የእኛን ቢሊየነር ያበዛው ብልጽግናችን ብቻ እንዳይመስላችሁ፤ የብራችን መርከስም እጁ አለበት።

በዶላር ስንሄድ የምናውቃቸው ሼህ መሐመድ ሁሴን አል አሙዲን ነው። ሸራተን አዲስን በ1990 ዓ.ም. ያስከፈቱት፣ የለገደንቢን ወርቅ ማዕድን በ172 ሚሊዮን ዶላር የገዙት፣ ፎርብስ መጽሔት በአውሮፓውያኑ 2014 ሀብታቸውን 15.3 ቢሊዮን ዶላር ብሎ የገመተላቸው ሰው ናቸው። እሳቸው ጥቅምት 25 ቀን 2010 ዓ.ም. ሳዑዲ ዓረቢያ ውስጥ ተያዙ። የተፈቱት ጥር 19 ቀን 2011 ዓ.ም. ነው። በመካከሉ ፎርብስ የሳዑዲ ባለሀብቶችን በሙሉ ከዝርዝሩ አውጥቷቸው ነበር። እንግዲህ ቢሊዮንም ቢሆን በሕግና በመንግሥት ጥላ ሥር የሚያድር ነገር ነው። አቃቂ ይህን በ1967 ዓ.ም. አይታዋለች። በአሥራ አምስቱ ወራት ውስጥ ግን «የኛስ ደመወዝ ምን ይሆን?» ብሎ የተጨነቀው ማን ይመስላችኋል? በሳቸው ድርጅቶች ውስጥ የሚሠራው ሕዝብ ነው።

ሀብታምን ለመርገም አይደለም የጻፍኩት። ቢርላ ባይመጣ ጎረቤቴ ሽመናን በማሽን አይማሩም ነበር። «ገንዘብ ካለ በሰማይ መንገድ አለ» ይባላል፤ መንገዱ ሲሠራ የምንጠይቀው ግን ሌላ ነው። ባለመንገዱ የሄደ ዕለት እዚህ የሚቀረው ምንድን ነው? ሙያ ይቀራል? ቤት ይቀራል? ጡረታ ይቀራል? የአንድን ቢሊየነር ልክ ፎርብስ ቢነግረንም፣ ለአቃቂ የሚበጃት ሚዛን ይህ ይመስለኛል።

መንገዱ ተከፈተ። ወጣቱ መጽሐፉን አጥፎ ሊወርድ ሲል ያልኩትን ሁሉ ያሰበበት መሰለኝ።

«ጋሼ» አለኝ፣ «እኔ ግን ብሆን ሰፈሬን አልረሳም።»

«እግዜር ይስማህ» አልኩት። ማታ ለጎረቤቴ ስነግራቸው ሳቁና፣ «ይሁን። ብቻ ሲሆን መጥቶ ፊቱን ያሳየን» አሉኝ።