ፈውስ በስንት?

በጥንቱ የግሪክ ዓለም ሕመምተኛ በአስክሊጲዮስ ቤተ መቅደስ መሥዋዕት አቅርቦ ይተኛል፤ ፈውሱንም በሕልሙ ይጠብቃል። በአገራችንም ባለዛሩ ዶሮ ያርዳል፣ ዕጣን ያጤሳል፤ ግብሩ ከተቋረጠ ሕመሙ ይመለስብኛል ብሎ ይፈራል። በልስጥራን ግን ጳውሎስ እግሩ የሰለለውን ሰው ካስነሣ በኋላ፣ ሕዝቡ ኮርማ ሊሠዋለት ቢመጣ ልብሱን ቀድዶ ከለከለ።

በ4ኛው መቶ ዘመን ባስልዮስ በቂሣርያ ለድሆችና ለሕሙማን መጠለያ አቆመ። ከእኛ ከጎፋ ብዙም በማይርቀው ዘነበወርቅም የሱዳን ኢንቴሪየር ሚሽን በ1920ዎቹ ዓ.ም. ለሥጋ ደዌ ሕሙማን ሆስፒታል ከፈተ፤ በ1958 ዓ.ም. አለርት የተመሠረተውም በዚያው ስፍራ ነው።

ወገኖች፣ ዛሬ በእኛው መድረክ ለጸሎት ገንዘብ ሲጠየቅ ዝም ካልን፣ ወደ አስክሊጲዮስ ደጅ ተመልሰናል። ጌታ ዋጋውን በመስቀል ከፍሏል፤ በነጻ የተቀበልነውን አንሽጥ።