የሦስቱ አር ኤን ኤዎች ዜና

ይህ ዜና ሦስቱ አር ኤን ኤዎች በሕዋስ ውስጥ ፕሮቲን እንዴት እንደሚሠሩ፣ ሊቃውንትም ይህን በየትኛው ዘመንና በምን ድካም እንደደረሱበት ይናገራል። ዘመኑን የጻፍነው በአገራችን አቆጣጠር ነው።

አስቀድመን የነገሩን መሠረት እንናገር። ዲ ኤን ኤ ከግቢው እንደማይወጣ ንጉሥ ነው፤ በሕዋሱ ኒውክለስ ተቀምጦ ይኖራል። ፕሮቲን የሚሠራው ግን ከዚያ ውጭ ነው። ቃሉን ገልብጦ የሚያወጣው መልእክተኛ አር ኤን ኤ ይባላል። ፕሮቲን የሚሠራባቸውን አሚኖ አሲዶች አንድ በአንድ ይዞ የሚመጣው አጓጓዥ አር ኤን ኤ ነው። ሦስተኛው የራይቦዞም አር ኤን ኤ ሲሆን፣ የመጡትን አሚኖ አሲዶች እርስ በርስ የሚያያይዛቸው እርሱ ነው። ዛሬ ተማሪ ሁሉ ይህን በአንድ ክፍለ ጊዜ ተምሮ ይወጣል። ሊቃውንቱ ግን መልእክተኛውን ዐይናቸው እያየ አላስተዋሉትም፤ አጓጓዡን ያገኙት ሰዎች ምን እንዳገኙ አላወቁም፤ የራይቦዞሙንም ሥራ ለሌላ ሰጥተውት ኖሩ።

በ1930ዎቹ የስዊድኑ ቶርቢዮርን ካስፐርሶንና የቤልጂጉ ዣን ብራሼ፣ እያንዳንዳቸው በየአገራቸው ሲመረምሩ፣ ፕሮቲን በብዛት የሚሠራ ሕዋስ ሁሉ አር ኤን ኤ የበዛበት መሆኑን አዩ። በ1947 ደግሞ ጆርጅ ፓላዴ በኒውዮርክ በኤሌክትሮን ማይክሮስኮፕ ሲመለከት በሕዋስ ውስጥ የተበተኑ ጥቃቅን ቅንጣቶች ተገለጡለት። እነዚህ ኋላ ራይቦዞም የተባሉት ናቸው። ፕሮቲን የሚሠራው በእነርሱ ላይ እንደሆነ ታወቀ፤ አካላቸውም ከግማሽ በላይ አር ኤን ኤ ሆኖ ተገኘ። ስለዚህ የዘመኑ ሊቃውንት እያንዳንዱ ራይቦዞም የራሱን ቃል በአካሉ ይዞ አንድ ዓይነት ፕሮቲን ብቻ ይሠራል ብለው ደመደሙ። ይህ ስሕተት ለዓመታት ቆየ።

በዚያው በ1947 በእንግሊዝ አገር በካምብሪጅ፣ ፍራንሲስ ክሪክ ለወዳጆቹ አንድ ጽሑፍ ላከ። ወዳጆቹ የአር ኤን ኤ ከረባት ማኅበር የሚባል ጉባኤ ነበራቸው፤ ቁጥራቸውም በአሚኖ አሲዶች ልክ 20 ነበር። ክሪክ በጽሑፉ የአር ኤን ኤ ፊደል አሚኖ አሲድን በቀጥታ ሊይዝ አይችልም፤ ስለዚህ በአንድ ወገኑ ፊደሉን የሚያውቅ፣ በሌላው ወገኑ አሚኖ አሲዱን የሚይዝ አገናኝ መኖር አለበት አለ። ጽሑፉን በአደባባይ አላሳተመውም።

ከውቅያኖስ ማዶ በቦስተን፣ በማሳቹሴትስ ጄኔራል ሆስፒታል ቤተ ሙከራ፣ ፖል ዛሜክኒክ፣ ማህሎን ሆግላንድና ሜሪ ስቲቨንሰን የክሪክን ጽሑፍ ሳያውቁ የአይጥ ጉበት እየፈጩ ይመረምሩ ነበር። አሚኖ አሲዱን በጨረር ምልክት አድርገው ሲከተሉት፣ ወደ ፕሮቲን ከመግባቱ በፊት በአንድ ትንሽ አር ኤን ኤ ላይ ተያይዞ አገኙት፤ እርሱም አጓጓዡ ነበር። ሆግላንድ የክሪክን ትንቢት የሰማው ኋላ ከክሪክ ባልደረባ ከጄምስ ዋትሰን አፍ ነው። ጽሑፋቸው በ1950 ታተመ። ክሪክ ግን አገናኙ በጣም ትንሽ ይሆናል ብሎ ጠብቆ ነበርና፣ የተገኘው ከጠበቀው በላይ ትልቅ መሆኑን ሲሰማ መጀመሪያ ተጠራጠረ።

አሁን ስለ መልእክተኛው እንናገር፤ ከዚህ ዜና ሁሉ የሚያስደንቀው የእርሱ ነውና።

በፓሪስ በፓስተር ተቋም ፍራንሷ ዣኮብና ዣክ ሞኖ፣ ከአሜሪካዊው አርተር ፓርዲ ጋር፣ አንድ ኢንዛይም መሥራት ለማይችል ባክቴሪያ የጎደለውን ጂን ሰጡት።  ባክቴሪያውም ጂኑን በተቀበለ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ኢንዛይሙን በሙሉ ፍጥነት መሥራት ጀመረ። አዲስ ራይቦዞሞች ተሠርተው እስኪበዙ ቢጠብቅ ኖሮ ሥራው ቀስ እያለ በጨመረ ነበር። ስለዚህ በጂኑና በራይቦዞሙ መካከል ፈጥኖ የሚመጣ፣ ፈጥኖም የሚጠፋ አንድ ነገር አለ አሉ፤ ስሙንም ስላላወቁ ኤክስ ብለው ጠሩት።

ሚያዝያ 7 ቀን 1952 ዓ.ም.፣ በዘመነ ዮሐንስ፣ ዕለቱ ዓርብ ስቅለት ነበር። በዚያ ዓመት የምዕራባውያኑና የእኛ ፋሲካ በአንድ ቀን ውሎ ነበርና፣ በአገራችን ሕዝቡ በየደብሩ ሲሰግድ በዋለበት ዕለት፣ በካምብሪጅ በኪንግስ ኮሌጅ፣ በደቡብ አፍሪካዊው በሲድኒ ብሬነር ክፍል ጥቂት ሰዎች ተሰበሰቡ። ዣኮብ የፓሪሱን ሙከራ አወራላቸው፤ ክሪክም በጥያቄ ያጣድፈው ነበር። ድንገት ብሬነር ጮኸ፤ ክሪክም ጮኸ፤ ሁለቱም እየተቋረጡ እየተቀባበሉ እጅግ በፍጥነት መነጋገር ጀመሩ። ዣኮብ መጀመሪያ የሚሉት አልገባውም ነበር።

ያስታወሱት የኤሊዮት ቮልኪንንና የላዛረስ አስትራካንን ሥራ ነበር። እነዚህ ሁለት ሰዎች በቴነሲ በኦክ ሪጅ፣ በ1948፣ ቫይረስ የገባበት ባክቴሪያ ጥቂት አዲስ አር ኤን ኤ እንደሚሠራ፣ የፊደሉም ልክ የባክቴሪያውን ሳይሆን የቫይረሱን ዲ ኤን ኤ እንደሚመስል ጽፈው ነበር። መልእክተኛው እርሱ ነበር፤ ታትሞ ዓመታት ቢቀመጥም ማንም አላወቀውም። ለቮልኪንና ለአስትራካን የሚገባቸው ክብር ሳይሰጣቸው ቀርቷል ብዬ አምናለሁ፤ ስለዚህ ስማቸውን እዚህ ጽፌያለሁ። ማንም ያላየበትም ምክንያት ነበረው፤ በሕዋስ ውስጥ ካለው አር ኤን ኤ 80 በመቶ ያህሉ የራይቦዞም ነው፤ መልእክተኛው ከመቶ ጥቂት እጅ ብቻ ነው፤ በባክቴሪያም በደቂቃዎች ውስጥ ይፈርሳል።

በዚያው ምሽት በክሪክ ቤት ግብዣ ነበር። ሌላው ሰው ሲጫወት ብሬነርና ዣኮብ ፈቀቅ ብለው ሙከራውን ነደፉ፤ በሰኔም ወደ ካሊፎርኒያ ወደ ማቲው ሜሰልሰን ቤተ ሙከራ ሄዱ። ባክቴሪያዎቹን ከባድ ካርቦንና ከባድ ናይትሮጅን መገቧቸው፤ ራይቦዞሞቻቸውም ከባድ ሆኑ። ከዚያ ቫይረስ ለቀቁባቸው፣ ቀላልና ጨረር ያለበት ምግብም ሰጧቸው። ቫይረሱ የራሱን ራይቦዞም የሚሠራ ከሆነ ቀላል ራይቦዞም ይገኛል ማለት ነው። ውጤቱን ለመለየት በሲዝየም ጨው ውስጥ አድርገው በሴንትሪፉጅ ያሽከረክሩ ነበር። ነገር ግን ራይቦዞሞቹ በጨው ውስጥ ይፈርሱባቸው ጀመር። ቀኑ እያለቀባቸው፣ ተስፋ ቆርጠው በባሕር ዳር ተቀምጠው ሳለ፣ ብሬነር ከአሸዋው ላይ ዘሎ ተነሣና ማግኒዚየም ነው እያለ ጮኸ። ራይቦዞምን አጥብቆ የሚይዘው ማግኒዚየም ነውና፣ ሲዝየሙ ስፍራውን ወስዶበት ነበር። ተመልሰው ማግኒዚየሙን አብዝተው ጨመሩ፤ አዲሱ የቫይረሱ አር ኤን ኤም ቀድሞ በተሠሩት ከባድ ራይቦዞሞች ላይ ተገኘ። ራይቦዞም የማንንም ቃል ተቀብሎ የሚሠራ እንጂ ቃሉ የተጻፈበት እንዳልሆነ በዚህ ተረጋገጠ። ጽሑፉም ዋትሰንና ባልደረቦቹ ስለ መልእክተኛው ከጻፉት ጋር ግንቦት 5 ቀን 1953 በኔቸር መጽሔት ወጣ።

ከዚያ 14 ቀን ቆይቶ፣ ግንቦት 19 ቀን፣ ቅዳሜ ገና ሳይነጋ፣ በዋሽንግተን አጠገብ በቤተስዳ ጀርመናዊው ሃይንሪክ ማቴይ ብቻውን በቤተ ሙከራ ነበር። አለቃው ማርሻል ኒረንበርግ ለሥራ ወደ ካሊፎርኒያ ሄዷል። ሁለቱም ዝና ያልነበራቸው ወጣቶች ነበሩ። ማቴይ የተፈጨ የባክቴሪያ ጭማቂ በቱቦ አዘጋጀ፤ ዩ የሚባለው ፊደል ብቻ የተደረደረበትን፣ በሰው እጅ የተሠራ አር ኤን ኤም ጨመረበት። ከአሚኖ አሲዶች ሁሉ ፊኒልአላኒን ብቻ ተያይዞ ሰንሰለት ሆነ። መልእክቱ ባልገባበት ቱቦ መቁጠሪያው 70 ሲያሳይ፣ በዚህኛው 38,000 አሳየ። የመጀመሪያው ቃል ተነበበ፤ ሦስት ዩ ፊኒልአላኒን ማለት ሆነ።

በነሐሴ ኒረንበርግ ይህን በሞስኮ ጉባኤ ሲናገር በአዳራሹ የተገኙት ጥቂት ሰዎች ነበሩ። ሜሰልሰን ግን ከእነርሱ አንዱ ነበርና ለክሪክ ነገረው፤ ክሪክም በትልቁ አዳራሽ እንደገና እንዲናገር አደረገ። እስከ 1958 ድረስም ከ64ቱ ባለ ሦስት ፊደል ቃላት 61ዱ አሚኖ አሲድ እንደሚጠሩ፣ ሦስቱ ግን ሥራውን እንደሚያስቆሙ ታወቀ።

ሮበርት ሆሊ ደግሞ በኢታካ ከ140 ኪሎ የዳቦ እርሾ አንድ ግራም ያህል የጠራ አጓጓዥ አር ኤን ኤ አወጣ። በመጋቢት 1957 የ77 ፊደሎቹን ቅደም ተከተል አሳተመ። ከተለመዱት አራቱ ሌላ፣ ሲዩዶዩሪዲን የሚባልን የመሳሰሉ እንግዳ ፊደሎችም በመካከላቸው ነበሩ። ሆሊ፣ ኒረንበርግና ቃላቱን በመፍታት የተካፈለው ሃር ጎቢንድ ኮራና ታኅሣሥ 1 ቀን 1961 በስቶክሆልም የኖቤልን ሽልማት ተቀበሉ።

ሦስተኛው ግን እስከዚያ ድረስ ክብሩን አላገኘም ነበር። መልእክተኛ አለመሆኑ ከታወቀ ወዲህ፣ የራይቦዞም አር ኤን ኤ ፕሮቲኖቹን የሚደግፍ ምሰሶ ብቻ ተደርጎ ታየ፤ አሚኖ አሲዶችን የሚያያይዙት ፕሮቲኖቹ ናቸው ተባለ። በካሊፎርኒያ ሃሪ ኖለር በ1984 ፕሮቲኖቹን አብዛኛውን ቢያስወግድም ሥራው እንደማይቆም አሳየ፤ ሆኖም ጥቂት ቀርተው ነበርና ክርክሩ አልተዘጋም። በእስራኤል በሬሖቮት አዳ ዮናት፣ ብዙዎች አይሆንም እያሏት፣ ራይቦዞምን ክሪስታል ለማድረግ ዓመታት ለፋች። የዬል ሊቃውንት ቶማስ ስታይትስና ፒተር ሙር በሙት ባሕር ጨው ውስጥ የሚኖር ደቂቅ ፍጥረትን ራይቦዞም ወስደው፣ ነሐሴ 5 ቀን 1992 የትልቁን ክፍል ምስል አወጡ። አሚኖ አሲዶች በሚያያዙበት ስፍራ ዙሪያ፣ እስከ 18 አንግስትሮም ድረስ፣ አንድም ፕሮቲን አልነበረም፤ ያለው አር ኤን ኤ ብቻ ነበር። በ2002 ዮናትና ስታይትስ፣ ራይቦዞምን ከመረመረው ከቬንካትራማን ራማክሪሽናን ጋር፣ ኖቤልን ተሸለሙ።

ይህ ነገር ከእኛም ቤት ይደርሳል። በአማራ ክልል በየቀበሌው ለትራኮማ የሚታደለው አዚትሮማይሲን የሚሠራው በዚሁ አካል ላይ ነው። አዲሱ ፕሮቲን ከራይቦዞም በሚወጣበት ጠባብ መተላለፊያ ገብቶ በአር ኤን ኤው ላይ ይጣበቃል፤ የባክቴሪያውም ሥራ ይቆማል። በዚያ ቁልፍ ስፍራ የባክቴሪያው ፊደል አዴኒን ሲሆን የሰው ራይቦዞም ጓኒን አለው፤ ስለዚህ መድኃኒቱ የዓይኑን ተሕዋስያን ሲመታ የበሽተኛውን ሕፃን ራይቦዞም አይዘውም።

በ1997 በፊላደልፊያ፣ ከሃንጋሪ የመጣችው ካታሊን ካሪኮና ድሩ ዋይስማን፣ በሰው እጅ የተሠራ መልእክተኛ አር ኤን ኤ በሕዋስ ላይ ቁጣ እንደሚያስነሣ፣ አጓጓዡ ግን እንደማያስነሣ ደረሱበት። ከአጓጓዡ እንግዳ ፊደሎች አንዱን፣ ሆሊ ያየውን ሲዩዶዩሪዲን፣ በመልእክተኛው ውስጥ በዩ ምትክ አስገቡ፤ ቁጣውም በረደ። በ2013 ለሕዝብ የደረሱት የኮሮና የኤም አር ኤን ኤ ክትባቶች የተጻፉት የዚህ ፊደል የቅርብ ዘመድ በሆነ ፊደል ነው፤ ካሪኮና ዋይስማንም በ2016 ኖቤልን ተቀበሉ።