ጂን ጎንቲየርና የሰላይዋ ልጃገረድ ፊልሞች

ስለ ተከታታይ ፊልም አጀማመር የሚጽፉ ሰዎች ዘወትር የሚነሡት የኤዲሰን ኩባንያ በ1912 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር ናቸው) በአሜሪካ ካወጣው «ሜሪ ምን ገጠማት» ከሚባለው ሥራ ነው። እኛ ግን መነሻውን ሦስት ዓመት ወደ ኋላ ወስደን ከጂን ጎንቲየር ብንጀምር የሚሻል ይመስለናል።

ጎንቲየር በ1885 ተወለደች። አስቀድሞ በቲያትር ተጫዋችነት ትተዳደር ነበር፤ ኋላም በ1907 በኒው ዮርክ ለተቋቋመው ለካሌም ኩባንያ መጻፍም መጫወትም ያዘች። በዚያን ጊዜ የአንዱ ፊልም ርዝመት አንድ ጥቅል፣ ማለት ከሩብ ሰዓት ብዙ የማይበልጥ ስለ ነበረ፣ ሲኒማ ቤቶች ያለ ማቋረጥ አዲስ ፊልም ይሹ ነበር።

በ1909 የወጣው «ሰላይዋ ልጃገረድ» የአሜሪካን የርስ በርስ ጦርነት የሚመለከት ነው። ናን የምትባለው ልጃገረድ ለደቡቡ ጦር ትሰልላለች። (የደቡቡ ወገን ባርነትን ለማቆየት የተዋጋ መሆኑን ግን የናን ጀግንነት ሊያስረሳን አይገባም።) ታሪኩን የጻፈችው፣ ናንን ሆና የተጫወተችው፣ በጀብዱውም የተጋጋጠችው ያችው ጎንቲየር ናት። ተመልካች ስለ ወደዳት ሌላ ክፍል ተጠየቀ፤ ከዚያም ሌላ። እያንዳንዱ ክፍል በራሱ የሚያልቅ ነበርና፣ እንደ ኋለኞቹ ተከታታይ ፊልሞች ባለታሪኳን ገደል አፋፍ ላይ ጥሎ ተመልካቹን አያሰናብትም።

በ1928ና በ1929 በመጽሔት ባወጣችው ትዝታዋ እንደ ተረከችው፣ ጉዳቱ ቢሰለቻት፣ የምትጽፈውም ጀብዱ ቢያልቅባት፣ ናንን ዳረቻት፤ ጦርነቱንም ጨረሰችው። ፈላጊው ግን አልቆመም። በ1911 «እስከ ዛሬ ያልተነገረ የሰላይዋ ልጃገረድ ታሪክ» የሚል ፊልም ወጣ፤ ርእሱ ራሱ የተዳረችውን ልጅ ወደ ጦር ሜዳ ለመመለስ የተገኘ ዘዴ መሆኑን ይናገራል። እንግዲህ ደራሲዋ ታሪኳን ጀመረች እንጂ የመጨረስ ሥልጣን አልነበራትም ማለት ነው።

በዚያው ዓመት የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በሌላ ሥራዋ ላይ ፈረደ። ካሌም በ1907 የሉ ዋላስን «ቤን ሁር» ያለ ፈቃድ በፊልም አውጥቶ ነበር፤ ጽሑፉን ያዘጋጀችው ጎንቲየር ናት። ፍርዱ መጽሐፍን ያለ ፈቃድ ወደ ፊልም መለወጥ መብት መንካት ነው አለ። በዚህም የመጽሐፍ ደራሲ መብት ጸና፤ የፊልም ታሪክ ጸሐፊ ግን በእነዚያ ዓመታት ስሙ እንኳ በመጋረጃው ላይ መጻፉ ልማድ አልነበረም።

በ1912 በግብፅና በፍልስጥኤም የተነሣውን «ከግርግም እስከ መስቀል» ጻፈች፤ እመቤታችን ማርያምንም ሆና ተጫወተች። ከዚያም ካሌምን ትታ በራሷ ስም የተጠራ ኩባንያ አቋቋመች፤ ኩባንያው ግን ጥቂት ዓመት ብቻ ቆየ።